እናቴ ያላለችው ቃል

ደብረ ብርሃን ውስጥ ወደ ቢሮዬ በምሄድበት መንገድ ላይ፣ ባጃጆች ተሰልፈው ሰው ከሚጠብቁበት ቦታ ፊት ለፊት፣ የእናቴ ፎቶ ከአንድ ዓመት በላይ ተሰቅሎ ኖሯል። ቁመቱ ሦስት ሰው ያህላል። እናቴ ነጠላዋን አደግድጋ፣ ቢጫ ጀሪካን ከቦኖው ስር አስቀምጣ፣ ወደ ካሜራው ቀና ብላ ፈገግ ብላለች። ከራሷ በላይ በትልልቅ ፊደል «የዘመናት የውሃ ጥያቄ ምላሽ አገኘ» ይላል። ፎቶውን የመረጥኩት እኔ ነኝ። ጽሑፉንም የጻፍኩት እኔ ነኝ። ጀሪካኑ የሞላው ቦቴ መኪና ባመጣው ውሃ መሆኑን የሚናገር አንድም ፊደል እዚያ ላይ የለም፤ እሱንም ያስቀረሁት እኔው ነኝ።

ሥራዬን ለሰው ማስረዳት ሁልጊዜ ያቅተኛል። በወረቀት ላይ የፖለቲካ ኮሙኒኬሽን ስትራቴጂስት እባላለሁ። አንኮበር ያሉ ዘመዶቼ «ጋዜጠኛ ናት» ይላሉ፤ ጋዜጠኛ ግን አይደለሁም። ጋዜጠኛ የሆነውን ይጽፋል ይባላል፤ እኔ የምጽፈው ሆነ እንዲባል የተፈለገውን ነው። የሹማምንት ንግግር እጽፋለሁ። ሕዝቡ ቅር ሲለው ምን እንደሚባል፣ ማን እንደሚለውና በየትኛው ቀን እንደሚባል እቀምራለሁ። አስራ አንድ ዓመት ይህን ስሠራ ከጻፍኩት ነገር ስር ስሜ አንድ ቀን ወጥቶ አያውቅም። ሌላ ሰው ያነበዋል፣ ለሌላ ሰው ይጨበጨብለታል፤ እኔ ከኋላ ወንበር ላይ ተቀምጬ ከንፈሬን እያንቀሳቀስኩ አብሬው እለዋለሁ።

ገና ስቀጠር ቢሮው መጀመሪያ ያስተማረኝ የሚባለውንና የማይባለውን ነው። «ችግር» አይባልም፣ «ተግዳሮት» ይባላል። «አልተሠራም» አይባልም፣ «በሂደት ላይ ነው» ይባላል። «ሰው ተቆጣ» አይባልም፣ «ኅብረተሰቡ ጥያቄ አነሳ» ይባላል። መጀመሪያ መጀመሪያ ከጓደኞቼ ጋር ሻይ ቤት ተቀምጠን በነዚህ ቃላት እንስቅ ነበር። እየቆየ ሳቁ ቀረና ቃላቱ ብቻ ቀሩ። አንድ ቀን እናቴ በስልክ ጉልበቷን እንዳመማት ስትነግረኝ «ተግዳሮቱ መቼ ጀመረሽ?» ብዬ ጠየቅኳት። «ምን አልሽኝ?» አለችኝ።

ሥራችን ደግሞ አንድ ልማድ አለው፤ ውጭ ያለ ሰው ሲሰማው አያምንም። ዜናው የሚጻፈው ከምርቃቱ በፊት ነው። ሹሙ ሪባን ሳይቆርጥ፣ እንዲያውም ከመኪናው ሳይወርድ፣ እኔ ከሁለት ቀን በፊት ጠረጴዛዬ ላይ «ሪባን ቆርጠው መርቀዋል» ብዬ ጨርሻለሁ። «ያነጋገርናቸው ነዋሪዎች እንደተናገሩት» የሚለው አንቀጽም አብሮ ይጻፋል። ነዋሪዎቹን ሳናነጋግር ምን እንደሚሉ እናውቃለን፤ ሁልጊዜ የሚሉት አንድ ነው፣ ምክንያቱም ሁልጊዜ የምልላቸው እኔ ነኝ። በዕለቱ የሚቀረን ፎቶ ማንሳት ብቻ ነው። ይህ ማታለል ነው ብሎ ያሰበ ሰው ቢሮአችን ውስጥ አልነበረም። ቅልጥፍና ነበር የምንለው። እኔ ደግሞ በቅልጥፍናዬ በስብሰባ ላይ የተመሰገንኩ ሰው ነኝ።

የውሃው ፕሮጀክት የመጣው ወደ ተወለድኩበት መንደር ነው። ከአንኮበሯ ከተማ ከጎረቤላ ወረድ ብሎ፣ ቆላው ቁልቁል ከሚታይበት ገደል አፋፍ ላይ፣ አባቴ እስኪሞት ድረስ የቀደሰበት ቤተ ክርስቲያን አለ። እናቴ እሱ ከሞተ በኋላም ከዚያው ከአጥቢያው አልተንቀሳቀሰችም። የመንደሩ ሴቶች ውሃ የሚቀዱት ገደሉ ሥር ካለ ምንጭ ነው። ሲወርዱ ባዶ ነው፣ አቀበቱ የሚጠብቃቸው ጀሪካኑ ከሞላ በኋላ ነው። እኔም እስከ አስረኛ ክፍል ድረስ በዚያው መንገድ ተመላልሻለሁ፤ ስለዚህ ቦኖ ሊተከል ነው ሲባል ከልቤ ተደሰትኩ። ይህን የምለው ለራሴ ጥብቅና ለመቆም አይደለም።

ቦኖው ተተከለ። ቧንቧው ተቀበረ። ከቤተ ክርስቲያኑ በላይ ካለው ጉብታ ላይ ትልቅ ጥቁር ሮቶ ተቀመጠ። የቀረው ውሃውን ከምንጩ ወደ ሮቶው የሚገፋው ሞተር ብቻ ነበር። «ሞተሩ በመንገድ ላይ ነው» ተባለ። የምርቃቱ ቀን ግን አስቀድሞ ተቆርጦ እንግዶች ተጠርተዋል። ሃላፊዬን «ሞተሩ እስኪመጣ ብናቆየውስ?» ብዬ ጠየቅኩት። ክፉ ሰው አይደለም፤ መጮህ አይወድም፣ ሰው ሲታመምበት ይጠይቃል። «ሁለት ሳምንት ብንቀድም ምን እንሆናለን? መምጣቱ እንደሆነ አይቀርም» አለኝ። አመንኩት። ማመን ስለፈለግኩ ነው ያመንኩት።

ካሜራ ፊት ጀሪካን የምትሞላ ሴት ታስፈልግ ነበር። ከዚያ በፊት በሌላ ቦታ በነበረ ምርቃት አንዲት ሴትዮ ማይኩን ከያዘች በኋላ «መብራቱስ? መንገዱስ?» እያለች ሹሙን አፋጥጣው፣ እኛም ሁሉንም ቆርጠን ለመጣል ግማሽ ቀን ፈጅቶብናል። ዳግም እንዲህ ያለ ጣጣ ውስጥ መግባት አልፈለግኩም። «የራሴን እናት አቀርባለሁ» አልኩ። ሃላፊዬ «አንቺ ታውቂበታለሽ» አለኝ። ምስጋናው ሁልጊዜ ይችው ናት።

የምርቃቱ ዕለት ቦቴው በማለዳ ደርሶ ሮቶውን ሞላና ከባሕር ዛፉ ጀርባ እንዲቆም ተደረገ። ጉሙ ሲገፈፍ እንግዶች መጡ። እናቴ ታጥባ የተቀመጠች ነጠላዋን ለብሳ፣ ጎረቤቶቿ ከእንግዶቹ ከሚለያቸው ገመድ ወዲያ ራቅ ብለው ቆመው፣ እሷ ብቻዋን ወደ ቦኖው ቀረበች። ውሃው ወረደ። ሰው እልል አለ። ሹሙ ጎንበስ ብሎ «እማማ፣ ምን ተሰማዎት?» አላት። እናቴ ጀሪካኑን አየች፣ ቀጥላ ባሕር ዛፉን አየች።

«ደስ ይላል የኔ ጌታ። ግን ይኼ ውሃ ያ መኪና ያመጣው ነው ወይስ የራሱ ነው?» አለችው።

በአጠገቧ የነበሩት እንግዶች ሳቁ። ሹሙም ሳቀ፣ ትከሻዋን መታ መታ አደረጋትና አለፈ። እኔ የካሜራ ባለሙያውን በእጅጌው ስቤ «ይቺ ትቆረጥ» አልኩት። በዚያ ቀን ከተነገረው ሁሉ እውነተኛው ጥያቄ እሱ ብቻ ነበር፤ የጠየቀችው የገዛ እናቴ ናት፣ ያስቆረጥኩት እኔ ነኝ። በቦታው ከሁለት ቀን በፊት የጻፍኩላት ቃል ገባ፦ «ከእንግዲህ ምንጭ አልወርድም፤ ጀርባዬ አረፈ። የጠየቅነው ሁሉ ተሟልቶልናል።» ይኸው በሬዲዮ ተነበበ፣ በፌስቡክ ገጻችንም ከፎቶዋ ጋር ወጣ። ፎቶው ስለተወደደ ደግሞ ትልቅ ሸራ ላይ ታትሞ ባጃጆቹ ፊት ለፊት ተሰቀለ።

ሮቶው በሦስተኛው ቀን ባዶ ሆነ።

እኔም በየሳምንቱ መደወል ጀመርኩ። የውሃ መሥሪያ ቤቱ ባለሙያ ስልኩን ሲያነሳ ገና ድምፄን ሰምቶ «በመንገድ ላይ ነው» ይለኛል። ያ ሞተር ከየት ተነስቶ በየት በኩል እንደሚመጣ እግዜር ይወቅ። ክረምቱ ገባ፣ ክረምቱ ወጣ። በመጨረሻ አንድ ቀን በአካል ሄጄ ፊቱ ተቀመጥኩ። ሰውየው አዘነልኝ መሰለኝ፣ ማኅደሩን አውጥቶ ገለጠልኝ። ፕሮጀክቱ «ተጠናቆ ለአገልግሎት በቅቷል» ተብሎ ተዘግቷል። ለተዘጋ ፕሮጀክት ሞተር አይጠየቅም። «መጠናቀቁን ማን አረጋገጠ?» አልኩት። አንድ የታተመ ወረቀት ከማኅደሩ መዝዞ ሰጠኝ። የእኔ ዜና ነበር። የእናቴን ቃል አንድ ሰው በእስክሪብቶ አስምሮበታል። በማን ላይ እንደምቆጣ አላወቅኩም።

ወደ ሃላፊዬ ሄድኩ። «ዜናውን እናስተካክለው» አልኩት።

«ምኑን ነው የምናስተካክለው?»

«ውሃ የለም። ሞተሩ አልገባም። ፕሮጀክቱ የተዘጋው በእኛ ዜና ነው።»

«ታዲያ የተመረቀውን አልተመረቀም ልትይ ነው?» አለኝ፣ በእርጋታ። «ሌላ መልክ ስጪው። ኅብረተሰቡ በትዕግሥት እየተጠባበቀ ነው በይ።»

ወጥቼ በሩን በኃይል ዘጋሁት። እዚህ ላይ ታሪኬን ባሳምረው ደስ ይለኝ ነበር፤ ግን ጠረጴዛዬ ላይ ተቀምጬ «ኅብረተሰቡ በትዕግሥት እየተጠባበቀ ነው» የሚል ጽሑፍ ጻፍኩ። ቤት ኪራይ አለብኝ፣ ሌላ ሥራ የለኝም፣ አስራ አንድ ዓመት የተማርኩት ይህንኑ ነው። ማታ ቤቴ ገብቼ ለእናቴ ስደውልና «ውሃውስ?» ስላት «ደህና ነን፣ አንቺ ብቻ ብርዱን ተጠንቀቂ» ትለኛለች። ከዚያ በላይ አልጠይቃትም።

የሰንበቴ ተራዋ ደረሰ። በእኛ አገር እሑድ ቅዳሴ ሲወጣ የሰንበቴው ማኅበርተኞች በቤተ ክርስቲያኑ ግቢ ተቀምጠው ተረኛው ያመጣውን ዳቦና ጠላ ይቀምሳሉ፤ ተራው ከቤት ቤት ይዞራል። የዚያን ሁሉ ሰው ጠላ ማዘጋጀት ብዙ ውሃ ይጠይቃል። ስለዚህ ተረኛዋ ሴት ብቻዋን አትቀዳም። ድፍድፉ ውሃ በሚፈልግበት ሐሙስ ጎረቤት ሴቶች እያንዳንዳቸው አንድ አንድ ጀሪካን አዝለው ይመጡና ጋኗን ሞልተውላት ይሄዳሉ። ማንም አይጠራቸውም። ልጅ ሆኜ ያንን ሐሙስ እወደው ነበር፤ ቤቱ በሴቶች ሳቅ ይሞላል፣ እናቴም ቆሎ ይዛ ትዞራለች።

ፈቃድ ወስጄ መንገዱ ክፍት መሆኑን አጣርቼ በሚኒባስ ሄድኩ። እኩለ ቀን ላይ ስደርስ ጋኑ ባዶ ነው። እናቴ ደጃፉ ላይ ቆማ ሁለት ጀሪካን በገመድ ታስራለች። ቆሎው በሰፌድ ላይ እንደተሰፈረ ተቀምጧል፣ የነካው የለም።

«ሴቶቹስ?» አልኳት።

«ሥራ ይዟቸው ይሆናል» አለችኝ።

በዚህ መካከል የቅርብ ጎረቤቷ ባዶ ጀሪካን አንጠልጥላ በደጃችን አለፈች። ከእናቴ ጋር አብረው የተዳሩ፣ አብረው የወለዱ ናቸው፤ እኔና ልጇ ያደግነው ከሁለቱም ቤት እየበላን ነው። «እትዬ፣ ደህና ዋሉ? ለእማዬ አይቀዱላትም እንዴ ዛሬ?» አልኳት፣ እየሳቅኩ። ቆመች። እኔን አላየችኝም፣ እናቴን ነው ያየቻት።

«እሷማ ጀርባዋ አርፏል። ቦኖ አላት» አለችና ቁልቁለቱን ወረደች።

የጻፍኩት ቃል በሰው አፍ ሲነገር ብዙ ጊዜ ሰምቻለሁ፤ ሹማምንት ሲሉት፣ ሬዲዮ ሲለው። እንደዚያ ቀን አድርጎ ግን የመታኝ የለም። ጀሪካኖቹን ከእናቴ ነጥቄ ቁልቁለቱን ጀመርኩ፣ እናቴም ሌላ ይዛ ተከተለችኝ። ጎረቤቷ ቀድታ አቀበቱን ስትጀምር ነው ምንጩ ጋ የደረስነው። እዚያ ጀሪካኑ እስኪሞላ እናቴ ድንጋይ ላይ ስትቀመጥ ጠየቅኳት።

«ከመቼ ጀምሮ ነው እንዲህ የሚሉሽ?»

«ኧረ ተይው ልጄ።»

«እማዬ፣ ንገሪኝ።»

«ሬዲዮው ሲናገር ሰሙ። እኔ ያልኩት ነው ተባለ። ሮቶው ባዶ ሲሆን ‹ተሟልቶልናል ብለሽ አንቺ ነሽ ያስቀረሽብን› አሉኝ።» ነጠላዋን አስተካከለች። «እንዲያ አልኩ ወይ እኔ?»

«አላልሽም።»

«እኔም አላልኩም መሰለኝ። ኋላማ ደጋግመው ሲሉኝ ብዬ ይሆን እንዴ እስክል ደረስኩ።»

«አላልኩም ብለሽ አትነግሪያቸውም ታዲያ!» ጮህኩባት። በእሷ ላይ ነው የጮህኩት፣ የሚገርመው ይህ ነው።

«አላልኩም ካልኩ ማን አለ ልበል? ልጄ ናት የዋሸችው ልበል?» አለችኝ፣ ድምጿን ሳትጨምር። «እንጀራሽ ነው ብዬ ዝም አልኩ።»

ጀሪካኑ ሞልቶ መፍሰስ ጀመረ፤ ክዳኑን ገጥሜ አዘልኩት። ያን ቀን አራት ጊዜ ተመላለስን። በአራተኛው ላይ እናቴ አቀበቱ መሃል ቁጭ ብላ እስክትነሳ ጠበቅኳት። የምትተነፍሰው ትንፋሽ እስከ ዛሬ ይሰማኛል።

እሑድ ቅዳሴ ወጥቶ ሰንበቴው ተሰየመ። ወንዶቹ በአንድ በኩል፣ ሴቶቹ በሌላ በኩል ተቀመጡ፤ ዳቦው ተባረከ፣ ጠላው ዞረ። ሴቶቹ የእናቴን ጠላ ቀመሱ፣ «እግዜር ይስጥልኝ» አሉ፣ ከዚያ ያለፈ ጨዋታ ግን የለም። እኔ እንደ ልማዴ ሦስት ቁልፍ መልዕክቶች በወረቀት ላይ አዘጋጅቼ ነበር። ሙሴ የምንለውን የሰንበቴውን ሹም፣ ሽማግሌውን፣ አስፈቅጄ ቆምኩ። ወረቀቱን ሳየው የመጀመሪያው መስመር «የተፈጠረውን የመረጃ ክፍተት» ይላል። አፈርኩ። ኪሴ ውስጥ ከተትኩት።

«እናቴ ያንን አላለችም» አልኩ። «እኔ ነኝ የጻፍኩት። ምርቃቱ ሳይደርስ ከሁለት ቀን በፊት ነው የጻፍኩት። እሷ ለሹሙ ‹ውሃው መኪና ያመጣው ነው ወይ?› ብላ ጠይቃው ነበር፤ ያንን ቆርጬ አስቀረሁት። ሞተሩ የቀረው በእኔ ጽሑፍ ነው። እሷ የምታውቀው ነገር የለም።»

አንድ ሰው ከወንዶቹ በኩል «ዓይኗን በጨው ታጥባ!» አለ፣ ሌላው ተው አለው። እናቴ አንገቷን ደፍታለች። ሙሴው ዋንጫውን መሬት ላይ አስቀመጠ።

«መኖሩን የጻፍሽ አንቺ ነሽ» አለኝ። «አለመኖሩንም አንቺው ጻፊልን።»

ከዲያቆኑ ደብተር ላይ ወረቀት ተገነጠለ። ጉልበቴ ላይ አድርጌ ማመልከቻ ጻፍኩ፤ ውሃ የለም፣ ሞተር አልገባም፣ ይታይልን የሚል። መጻፍ የሚችል ፈረመ፣ የማይችል አውራ ጣቱን እስክሪብቶ ቀብቶ አተመ። የእናቴ ጎረቤትም መጥታ ጣቷን አተመች፤ ሰላም ሳትለኝ ተመልሳ ተቀመጠች። መጨረሻ ላይ፣ ከሁሉም ስር፣ ሙሉ ስሜን ከነአባቴ ጽፌ ፈረምኩ። ከጻፍኩት ነገር ስር ስሜን ሳይ ለመጀመሪያ ጊዜ ነው።

ሙሴውና ሌላ አንድ ሽማግሌ ማክሰኞ ወረቀቱን ደብረ ብርሃን አምጥተው ለመሥሪያ ቤታችን መዝገብ ቤት አስገቡ። ሐሙስ ጠዋት ማመልከቻው ጠረጴዛዬ ላይ ተቀምጦ አገኘሁት። ሃላፊዬ ራስጌው ላይ በቀይ እስክሪብቶ «ለኮሙኒኬሽን፦ ተገቢው ምላሽ ተዘጋጅቶ ይቅረብልኝ» ብሎ መርቶታል። እስከ ታች አላነበበውም። ቢያነብ ስሜን ያየው ነበር። የገዛ አቤቱታዬን እንድመልስ ለራሴ ተመራልኝ ማለት ነው። መጀመሪያ ሳቄ መጣ። ቀጥሎ ደሜ ፈላ።

ከዚያ የሆነውን ስናገር አሁንም ያናድደኛል። ኮምፒውተሩን ስከፍት ጣቶቼ ብቻቸውን መጻፍ ጀመሩ፦ «ያነሳችሁት ጥያቄ ተገቢነት ያለው ሆኖ በሂደት ላይ የሚገኝ በመሆኑ በትዕግሥት እንድትጠባበቁ…» ሁለተኛው መስመር ላይ ነው የነቃሁት። ምንጩ ጋ ተቀምጣ የጠየቀችኝን እናቴን፣ የገዛ ራሴን ፊርማ አይቼ፣ እጄ አሁንም ያንኑ ይጽፋል። ሁሉንም አጠፋሁት። በቦታው ይህን ጻፍኩ፦

«ማመልከቻችሁ ደርሶናል። የጻፋችሁት እውነት ነው። ቦኖው ከምርቃቱ ሰሞን በኋላ ውሃ ሰጥቶ አያውቅም፤ ያኔ የነበረውም በቦቴ የመጣ ነው። በዜናው ላይ በነዋሪዋ ስም የወጣው ቃል ነዋሪዋ የተናገሩት ሳይሆን በቢሮአችን የተጻፈ ነው። ፕሮጀክቱ አልተጠናቀቀም።» ከግርጌው ለውሃ መሥሪያ ቤቱ ግልባጭ አደረግኩ።

አትሜ ፊርማ የሚጠብቁ ደብዳቤዎች በሚቀመጡበት ማኅደር ውስጥ፣ ከአንድ የበዓል መልካም ምኞትና ከአንድ የስብሰባ ጥሪ መካከል አስገባሁት። ሃላፊዬ እኔ የማቀርብለትን አንብቦ አያውቅም። ስንፍና አይደለም፤ ያምነኛል። ያንን እምነት ነው የተጠቀምኩበት፣ አላስተባብልም። ስልክ በጆሮው ይዞ መፈረም ጀመረ፣ እኔ ፊቱ ቆሜ አንድ በአንድ እገልጥለታለሁ። እዚያች ደብዳቤ ላይ ሲደርስ እስክሪብቶውን ቆም አደረገ።

«ይቺ የውሃዋ ናት?»

«አዎ።»

«ለስለስ አድርገሻታል?»

«አጠር አድርጌያታለሁ» አልኩት።

ፈረመ። ማኅተም ተመታ። ወጪ ሆነ።

ከሳምንት በላይ ቆይቶ ነው የፈነዳው። ጠራኝ። ደብዳቤው ጠረጴዛው ላይ ተዘርግቷል፤ ለመጀመሪያ ጊዜ እስከ መጨረሻው ያነበበልኝ ጽሑፍ እሱ ይመስለኛል።

«ይኼን እኔ ነኝ የፈረምኩት?»

«እርስዎ ነዎት።»

«ምን አደረግኩሽ?» አለኝ። ከቁጣው ይልቅ ይቺ ጥያቄው አሳመመችኝ፣ ምክንያቱም በግሌ ያደረገኝ ክፉ ነገር አልነበረም። ማስተባበያ እንድጽፍ አዘዘኝ። «ምን ብዬ? ሳያነቡ ፈረሙ ልበል?» አልኩት። ያንን እንዲጻፍ አይፈልግም፣ ደብዳቤው እውነት አይደለም እንዳይልም ሮቶው ባዶ ነው። እንዲህ ያለ ጭንቅ ሲገጥመው ሁልጊዜ የሚጠራው እኔን ነበር። እንደዚያም ሆኖ ደብዳቤው ሳይሻር ቀረ፤ እኔ ግን በሁለተኛው ሳምንት ወደ መዝገብ ቤት ተዛወርኩ። አሁን የሌላ ሰው ደብዳቤ ላይ ቁጥር እጽፋለሁ።

የውሃ መሥሪያ ቤቱ ማኅደሩን እንደገና ከፈተው። አንድ መሐንዲስ ወርዶ ምንጩን ለካ። ይኸው ዓመት ሊሞላ ነው። ስደውል የሚያነሳው ያው ሰው ነው፤ ድምፄን ሲሰማ «አሁንስ በእውነት በመንገድ ላይ ነው» ይለኛል። የደብረ ብርሃን ንፋስ ሸራውን ከወገብ በታች ቀዶ ወሰደው፣ ቦኖውና ጀሪካኑ ሄዱ። እናቴ ብቻ ለምን እንደምትስቅ ሳይታወቅ ከላይ ቀርታለች። ሳልፍ ዓይኔን ወደ ባጃጆቹ አዞራለሁ።

ባለፈው ወር የእናቴ ተራ ዞሮ ደረሰ። ሐሙስ ዕለት ሄጄ አራቱን ዙር ለመመላለስ ጫማዬን ቀይሬ፣ ገመዱን አዘጋጅቼ ደጃፉ ላይ ቆሜያለሁ። እናቴ ቆሎውን አላወጣችም፤ ዘንድሮ ደግሞ ሳይነካ ሲቀር ማየት አልፈለገችም መሰለኝ። ያቺ ጎረቤት አቀበቱን ጨርሳ ብቅ አለች፣ ጀርባዋ ላይ የሞላ ጀሪካን አዝላለች። በደጃችን ታልፋለች ብዬ ወደ ጎን ፈቀቅ አልኩላት። ወደ ቤት ገባች። ጀሪካኑን ጋኑ ውስጥ ገለበጠችው፣ የውሃው ድምፅ ባዶውን ጋን ሞላው። ከኋላዋ ሌላ ሴት ገባች፣ ከዚያ ሌላ። እናቴ ሰፌዱን ፍለጋ ወደ ጓዳ ሄደች፤ ስትመለስ ዓይኗ ቀልቷል።

ጎረቤቷ ስትወጣ እኔ ዘንድ ቆመች። ባዶውን ጀሪካን ከአንድ እጇ ወደ ሌላው አዛወረች።

«ይኼን ደግሞ እንዳትጽፊው» አለችኝ።

«እሺ እትዬ» አልኳት።

ይኸው ጻፍኩት። ስሟን ግን አልጻፍኩም፣ ከተናገረችውም ላይ አንዲት ቃል አልጨመርኩም።